ፍየሏ ትጠየቅ

በእኛ ከተማ ሰው የሞተበት የሚቀመጠው እስኪስቅ ድረስ ነው። ሌላ አገር ሐዘንተኛ የሚነሳበት ቀን አስቀድሞ ይታወቃል ይባላል፤ ቀኑ ሲደርስ ዘመድ ወዳጅ «በቃ» ይላል፣ ድንኳኑም ይፈርሳል። እኛ ዘንድ እንዲህ ያለ ቀን የለም። ባለ ሐዘኑ ሰሌኑ ላይ ተቀምጦ ያለቅሳል፤ ልቅሶው ሲበርድለት አስነሺ የሚባለው ሰው ይመጣና ቀልድ ይነግረዋል። ከሳቀ ይነሳል፣ ፊቱን ይታጠባል፣ ድንኳኑ ይጠቀለላል። ካልሳቀ አይነሳም። የውሸት ሳቅም አያዋጣም። ከሰሌኑ ግራና ቀኝ ሁለት አሮጊቶች ተቀምጠው ያዳምጣሉ፤ ከጉሮሮ የወጣውን ሳቅ ከሆድ ከወጣው ይለያሉ። እነሱን ያታለለ ሰው እስከ ዛሬ አልሰማሁም።

ክረምት እስኪገባ ያልሳቀ ሐዘንተኛ ወደ ዝምታ ሰፈር ይወሰዳል። ዝምታ ሰፈር ከመቃብሩ አጠገብ ያለ የቤቶች ረድፍ ነው። እዚያ የገባ ሰው ምግብ ይቀርብለታል፣ ጣሪያውም አያፈስበትም። ነገር ግን ከእንግዲህ የሚያነጋግረው የለም፤ ቤቱንም ወራሾቹ ይረከባሉ። ቀድሞ እዚያ የሚገባ ሰው ብርቅ ነበር፤ አስነሺያችን ጋሽ ድንበሩ ነበሩና። ጋሽ ድንበሩ እንጨት ፈላጭ ናቸው፤ ረጅም፣ ፊታቸው የተኮሳተረ፣ ራሳቸው ስቀው የማያውቁ ሰው ናቸው። ድንኳን ገብተው ሲቀመጡ ሊያለቅሱ የመጡ ነው የሚመስሉት። ትንሽ ቆይቶ ሐዘንተኛው ሆዱን ይዞ ይነሳል።

ነገሩ የተበላሸው በሁለት ወንድማማቾች ነው። አባታቸው ሞቶ ተቀምጠው ሳለ ጋሽ ድንበሩ አንድ ቀልድ ተናገሩና ድንኳኑ ሁሉ ሳቀ። ታናሽየው ነገር ቶሎ የሚገባው ሰው አይደለም። ሁሉም ስቆ ሲያበቃ፣ ዓይኑን ጠራርጎ ዝም ባለበት ሰዓት፣ እሱ ገና ገባውና ብቻውን ሳቀ። በዝምታ መሐል ብቻውን የሚስቅ ሰው ደግሞ በሟቹ የሚስቅ ይመስላል። ታላቁ በጥፊ አለው። ታናሹ በርጩማ አነሳ። አማቾች ገቡበት፣ ጎረቤት ገባበት፣ ያለ ጥርስ የቀረ ሰው ሁሉ አለ።

የከተማው ሸንጎ ተሰብስቦ የእኩል ሳቅ ደንብን ያወጣው ከዚህ በኋላ ነው። ደንቡ አጭር ነው፤ ቀልዱ ያልገባው አንድ ሰው እንኳን ካለ ሌላው አይስቅም። አስነሺው ቀልዱን ይጀምርና የመጨረሻው ቃል ላይ ሲደርስ ያቆማል። በዚህ ጊዜ አስረጂ የሚባል ሠራተኛ ይነሳል፤ ቀጥሎ የሚመጣው ቃል ምን እንደሆነና ስለ ምን እንደሚያስቅ ያብራራል። ከዚያ «ያልገባው አለ?» ብሎ ይጠይቃል። ሁሉም ከገባው አስነሺው የመጨረሻውን ቃል ይናገራል፤ ከዚያ በኋላ መሳቅ ይቻላል።

አስረጂ ሆኜ የተቀጠርኩት እኔ ነኝ። ከኮሌጅ በወጣሁ በዓመቱ ነው። ደንቡን አልጠላሁትም፤ አሁንም ቢሆን ከክፋት የወጣ ነው አልልም። ከወንዙ ማዶ እየመጣ ሰሌን የሚሸጥልን ቶራ የሚባል ሰው አለ። ቋንቋችንን ዘግይቶ የተማረ ነው። በሥራዬ መጀመሪያ ሰሞን አንድ ቀልድ ካስረዳሁ በኋላ እጄን በሁለት እጁ ያዘና «ወንድሜ፣ እስከ ዛሬ የምስቀው ጥርሳችሁን እያየሁ ነበር» አለኝ። ይህን የሰማ ሰው ማስረዳት ከንቱ ነው ሊል አይችልም። እኔም አላልኩም።

ችግሩ ከቶራ በቀር የሚስቅ መጥፋቱ ነበር።

መጀመሪያ አንድ ድንኳን ሳይፈርስ ሰነበተ። ቀጥሎ ሁለተኛው። ሰው መሞቱን አያቆምምና ድንኳኖቹ እየበዙ ሄዱ። የኳስ ሜዳው ሞላ፣ የከብት ተራው ሞላ። ፀጉር አስተካካያችን ሚስቱ ሞታበት ስለተቀመጠ ፀጉሩን መቆረጥ የፈለገ ሰው ድንኳኑ ገብቶ፣ ነፍስ ይማር ብሎ፣ ተንበርክኮ ይቆረጥ ነበር። ዳኛው በወንድማቸው ሐዘን ላይ ስለነበሩ ተከራካሪዎች ሰሌን ይዘው ይመጡ ነበር። ሐዘንተኛ ተነስቶ ሌላ ሐዘንተኛን ሊያጽናና ስለማይችልም ድንኳኖቹን ማጠጋጋት የግድ ሆነ፤ በሸራው ቀዳዳ እጅ ለእጅ እየተያያዙ ይላቀሱ ጀመር።

የሳቅ ሹሙ አቶ ባይለየኝም ተቀመጡ። ደንቡን የሚያስፈጽሙት እሳቸው ናቸው፤ እናታቸው ሞቱባቸው። በለቅሶው ላይ ያስረዳሁት እኔ ነበርኩ። ማብራሪያዬን በጥሞና አዳመጡ፣ ግልጽ ነው ብለው አመሰገኑኝ፣ አልሳቁም። ከዚያ ወዲህ ለሥራ መንቀሳቀስ ሲኖርባቸው ሰዎች ከነሰሌናቸው አንስተዋቸው ይሄዳሉ፤ ድንኳናቸውንም ሌሎች ሰዎች በአራት ምሰሶ ከላያቸው ይዘው ይከተላሉ።

አንድ ቀን ድፍረት አግኝቼ «ጌታዬ፣ ማብራሪያው ከቀልዱ በኋላ ቢሆንስ?» አልኳቸው።

«በኋላ ከሆነ የገባው ሰው ቀድሞ ይስቃላ» አሉኝ።

«አዎ፣ ጌታዬ።»

«ያልገባው ሰው በዚያን ጊዜ ምን ያድርግ? ጥርስ ይቁጠር?»

ቶራን አሰብኩ። እውነታቸውን ነበር።

መሰላል ሠሪው አቶ ወንድይፍራው የሞቱት በዚህ መሐል ነው። ሚስታቸው ወይዘሮ ጥሩዓለም ጃንጥላ ጠጋኝ ናት። ቤታቸው ግማሹ መሰላል፣ ግማሹ ጃንጥላ ነበር፤ እንግዳ ሲገባ አንዱን ሲሸሽ ሌላው ይወጋው ነበር ይላሉ። ልጅ አልነበራቸውም። ዝምታ ሰፈር ከገባች ቤቱን የሚረከበው የባሏ የአጎት ልጅ ነው። እሱም መሰላሎቹን ለማገዶ እንዲፈልጡለት ጋሽ ድንበሩን አስቀድሞ አነጋግሯቸው ነበር። ጋሽ ድንበሩ መጥረቢያዬ ደንዟል ብለውታል።

ጋሽ ድንበሩ ድንኳኗ ገብተው ሲቀመጡ እኔም አጠገባቸው ነበርኩ።

«ተዘጋጀሽ፣ ጥሩዓለም?»

«ተዘጋጅቻለሁ፣ ጋሼ። መነሳቱን እፈልገዋለሁ። ክረምት ሊገባ ነው፤ የሰው ጃንጥላ ሁሉ እኔ ጋ ነው ያለው። ሳቁ ነው እምቢ ያለኝ።»

ጋሽ ድንበሩ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «አንድ ሰነፍ ሰው ነበረ። አልጋው ላይ እንደተጋደመ ቤቱ በእሳት ተያያዘ። ጎረቤቱ እየሮጠ መጣና 'ኧረ ተነስ፣ ቤትህ እየነደደ ነው!' አለው። 'ዝም በል፣ ዝናብ እንዲመጣ እየጸለይኩ ነው' አለ። 'ታዲያ ወጥተህ አትጸልይም?' ቢለው...»

እዚህ ላይ ቆሙ፤ እኔ ተነሳሁ።

«ቀጥሎ ሰውየው ዝናቡ ቢመታኝስ ይላል» አልኩ። «ይህ የሚያስቀው ስለ ሦስት ነገር ነው። አንደኛ፣ ዝናቡ ገና አልመጣም። ሁለተኛ፣ ከዝናብ ይልቅ እሳት ይብሳል። ሦስተኛ፣ የሚፈራው ራሱ የለመነውን ነገር ነው። ያልገባው አለ?»

ያልገባው አልነበረም። ጋሽ ድንበሩ እንደ ደከመው ሰው «ዝናቡ ቢመታኝስ አለ» አሉ።

ወይዘሮ ጥሩዓለም ትንሽ አሰበች። «ሰውየው ተረፈ?» አለችኝ።

«ቀልዱ ላይ አልተገለጸም።»

«ምስኪን» አለችና አለቀሰች። አሮጊቶቹም አብረዋት አለቀሱ።

ስንወጣ ጋሽ ድንበሩ ትንሽ ከሄዱ በኋላ «አንተ ልጅ፣ ክፉ ሰው እንዳልሆንክ አውቃለሁ» አሉኝ።

«አመሰግናለሁ፣ ጋሼ።»

«ግን ዶሮዋን ላባዋን ነጭተህ፣ በልተህ፣ አጥንቷን ሰጥተኸኝ በል አስጩኻት ትለኛለህ።»

ያን የሰነፉን ሰው ቀልድ በየድንኳኑ ተናገሩት፤ እኔም በየድንኳኑ አስረዳሁት። ማብራሪያዬን እያሻሻልኩ መጣሁ። ከእሳትና ከዝናብ የትኛው እንደሚብስ የሚጠራጠር ሰው በከተማው አልቀረም። የሳቀ ግን አልነበረም። ወደ ወይዘሮ ጥሩዓለምም እየተመላለስን ሌላ ሌላውን ሞከርን። እሷም ከልቧ ትሞክር ነበር። አንድ ቀን ከጉሮሮዋ «ሀ» የሚል ነገር ወጣ፤ አሮጊቶቹ ተያዩና ራሳቸውን ነቀነቁ። ሳል ነው።

በመጨረሻ ደመናው ተራራውን ሸፈነው። በዚያ ጠዋት ወደ ዝምታ ሰፈር የሚወስዱ ጋሪዎች መጥተው በድንኳኖቹ ፊት ተሰለፉ። አቶ ባይለየኝም በሰው ትከሻ፣ ከነሰሌናቸው፣ ከነድንኳናቸው መጡ። ሌሎቹን ለጋሪዎቹ አስረክበው ሲያበቁ መጨረሻ ላይ ራሳቸውን ሊያስረክቡ ነው። ፊታቸው ጥርት ያለ ነበር፤ ደንብ ሲፈጸም ደስ የሚላቸው ሰው ናቸው።

መጀመሪያ የቆሙት ወይዘሮ ጥሩዓለም ድንኳን ፊት ነው። የድንኳኑ መጋረጃ ተገለጠ። ሰው ዙሪያውን ቆመ፤ ቶራም ጥቅል ሰሌን እንደታቀፈ ከኋላ ቆሞ ነበር።

«የመጨረሻ ቀልድ ይፈቀዳል» አሉ ሹሙ።

ጋሽ ድንበሩ ግን አልተቀመጡም። «እኔ ጨርሻለሁ። የቀረኝ ቀልድ ቢኖር እኔ ራሴ ነኝ» አሉ።

«ይተዉት፣ ጋሼ» አለች ወይዘሮ ጥሩዓለም። «እኔ አንድ አለኝ። የወንድይፍራው ነው።» ነጠላዋን አስተካከለችና «ፍየሏ ትጠየቅ» አለች።

ሁሉም ቀጣዩን ጠበቀ። ቀጣይ አልነበረም።

«አስረጂ!» አሉ ሹሙ። «ከመጨረሻው ቃል በፊት ማስረዳት የለብህም?»

«ጌታዬ፣ መጀመሪያውም መጨረሻውም ይኸው መሰለኝ።»

«እንግዲያው አስረዳ።»

«አልገባኝም» አልኩ። ይህን ቃል በሥራ ላይ ስናገር የመጀመሪያዬ ነበር። ሰው አጉረመረመ። አንድ ጋሪ ነጂ «አስረጂው ካልገባው እኛን ማን ሊያስረዳን ነው?» አለ።

«የተናገረችው ራሷ» አሉ ጋሽ ድንበሩ።

ስለዚህ አጠገቧ ተቀመጥኩ። እንደ ወትሮዬ ቀስ ብዬ፣ ምንም እንዳይቀርብኝ እጠይቃት ጀመር።

«ፍየሏ የማን ነበረች፣ እትዬ?»

«የእኛ። በተጋባን ዓመት ነው። በሩ ክፍት ተትቶ ገባችና እህሉን ደፋችው። እሱ አንቺ ነሽ የተውሽው ይላል፣ እኔ አንተ ነህ እላለሁ። ተኳረፍን። ነገሩ ከርሮ ሽማግሌ መጣ።»

«ሽማግሌው ማን ነበሩ?»

«አባ ይርዳው የሚባሉ፣ ትልቅ የሰሌን ባርኔጣ የማይለያቸው። ባርኔጣቸውን ምሰሶው ላይ ሰቀሉና 'በሩን የተወው ማን ነው?' አሉ። ያን ጊዜ ወንድይፍራው ተነሳና እጅ ነሳ። 'አባቴ፣ እኛ ሁለታችንም ባለጉዳይ ነን። ከሁለታችንም ያልሆነች አንድ ምስክር አለች። ፍየሏ ትጠየቅ' አለ። ፊቱ ላይ እኮ ሳቅ የሚባል የለም።»

«ሽማግሌው ተቆጡ?»

«ምን ሲሉ ይቆጣሉ? ነገር በወግ የሚያዩ ሰው ነበሩ። 'ትቅረብ' አሉ።»

«ምን ብለው ጠየቋት?»

«'አንቺ፣ ስትገቢ በሩ ክፍት ነበር ወይስ ራስሽ ከፍተሽ ነው?'»

«ጥሩ ጥያቄ ነው» አልኩ፤ እውነትም ጥሩ መስሎኝ ነበር። ከኋላ የአንድ ሰው ሳል ተሰማ። ወይዘሮ ጥሩዓለም ቀና ብላ አየችኝ። የጉንጯ ጫፍ ትንሽ ተንቀሳቀሰ።

«ምን መለሰች?»

«አፏ ሙሉ ነበር።»

«ምን ይዛ?»

«ባርኔጣቸውን። እኛ ስንነታረክ ከምሰሶው አውርዳ እየበላችው ነበር። አባ ይርዳው ባርኔጣው የራሳቸው መሆኑን አላስተዋሉም፤ ዓይናቸው ደከም ያለ ነው። ወንድይፍራው 'አባቴ...' ሊላቸው ሲጀምር እጃቸውን አነሱና 'ተው፣ ምስክር አታጣድፍ፤ በልታ ትጨርስና ትናገራለች' አሉት።»

የሽማግሌውን ቃል በልቤ ያዝኩት። እሷ ግን ልታቆም አልቻለችም።

«ከዚያ ወዲህ ዕድሜ ልካችንን፣ ልጄ፣ ዕድሜ ልካችንን! በተጣላን ቁጥር እኔ ገና አፌን ስከፍት 'ፍየሏ ትጠየቅ' ይላል። አንድ ጠብ እንኳን እስከ መጨረሻው ተጣልተን አናውቅም። ሊሞት ሰሞን ሐኪሙ መጣና አልጋው ላይ ጎንበስ ብሎ 'አቶ ወንድይፍራው፣ የት ላይ ነው የሚያምዎት?' አለው...»

እዚህ ላይ አቋረጠች።

«ምን አሉት?» አልኩ። መጠየቅ ሥራዬ ነበር።

«ምን ያለው ይመስልሃል?»

በሚገባ አሰብኩበት። እስካሁን የነገረችኝን ሁሉ በቅደም ተከተል አስታወስኩ። ከዚያ ተጠንቅቄ «ፍየሏ ትጠየቅ?» አልኩ።

ፊቴን አየችው። መጀመሪያ ትከሻዋ ተንቀጠቀጠ፤ የምታለቅስ መስሎኝ ነበር። ከዚያ ፈነዳች። ወደ ኋላ ወደቀች፣ ሰሌኑን በመዳፏ መታችው፣ «እሱን! ቁርጥ እሱን!» እያለች በጣቷ ትጠቁመኛለች፣ እንባዋ ይወርዳል፣ እንደገና ትስቃለች። እኔ አልሳቅኩም። እውነት ለመናገር ያን ያህል የሚያስቅ ሆኖ አላገኘሁትም። አሮጊቶቹ ግን ጆሯቸውን ካስጠጉበት ቀና አሉና «ከሆድ ነው» አሉ በአንድ ድምፅ።

ተነስታ ቆመች። ሰው ድንኳኑን ሊፈታ ገመዱን ያዘ።

«ቆዩ» አሉ አቶ ባይለየኝ ከድንኳናቸው ሥር። «አስረጂ፣ 'ያልገባው አለ?' ብለህ ጠይቀህ ነበር?»

«አልጠየቅኩም፣ ጌታዬ።»

«እንግዲያው ሳቁ ማብራሪያው ሳያልቅ የመጣ ነው። አይጸናም። ጋሪውን አቅርቡ።»

ክፋት አልነበረባቸውም፤ ድምፃቸው ያዘነ ነበር። ጋሪ ነጂው አንድ እርምጃ ተራመደ። ወይዘሮ ጥሩዓለም የቆመችበት ሆና ሳቁ ከፊቷ ሲወርድ አየሁ። ሳልጠይቅ የቀረሁት እኔ ነኝ፤ ብጠይቅ ደግሞ ያልገባው ይኖር ነበር፤ እኔ ራሴ አለሁ።

ከአሮጊቶቹ ታላቂቱ ተቆጡ። «ከሆድ ነው አልንዎ! ካላመኑን ከዚያ ውስጥ ይውጡና ፊቷን ይዩት!»

ሹሙ በሸራቸው ጫፍ ሥር አንገታቸውን አውጥተው ሰማዩን ተመለከቱ። ገና አንዲት ጠብታ አልወረደችም። «ዝናቡ ቢመታኝስ?» አሉ።

ከልባቸው ነበር ያሉት።

መጀመሪያ ከፀጉር አስተካካዩ ድንኳን አንድ ድምፅ ወጣ። ቀጥሎ ከዳኛው። ቀጥሎ ከኳስ ሜዳው በኩል፣ ቃሉ በየሸራው ቀዳዳ «ምን አሉ? ምን አሉ?» እየተባለ ከደረሰበት ሁሉ። በየድንኳኑ ያስረዳሁት፣ ማንም ያልሳቀበት ቀልድ ነው። አሮጊቶች ከድንኳን ድንኳን እየሮጡ «ከሆድ ነው! ይኼም ከሆድ ነው!» ይላሉ። የሹሙን ድንኳን የተሸከሙት ሰዎች ስቀው ምሰሶዎቹ እየተወዛወዙ ነበር።

አቶ ባይለየኝ ግራ ገባቸው። «ምንድን ነው የሚያስቃቸው? አስረጂ፣ ና አስረዳኝ።»

ቀረብኩና ጆሯቸው ሥር ጀመርኩ። «ጌታዬ፣ ያስታውሱ እንደሆነ፣ ቤቱ የሚነድድበት አንድ ሰው ነበረ። ጎረቤቱ ውጣ ሲለው...»

«ቆይ» አሉ። እጃቸውን አነሱ። ሸራቸውን አዩ፣ ሰማዩን አዩ፣ የተሸከሟቸውን ሰዎች አዩ። «ቆይ፣ ቆይ» አሉ እንደገና፤ ቀጥሎ የተናገሩት ግን አልተሰማም። ሳቃቸው በአፍንጫቸው ነው የጀመራቸው።

ደንቡ አልተሻረም። የዚያን ቀን ሳቅ ግን አይጸናም የሚል ሰው አልተገኘም፤ ይህን ማለት የሚገባቸው ሹም ሰሌናቸውን ጠቅልለው፣ በእግራቸው፣ ፊታቸውን ሊታጠቡ ወደ ቤታቸው ሄደው ነበር። ጋሪዎቹ የተጠቀለሉ ድንኳኖች ጭነው ተመለሱ። ወይዘሮ ጥሩዓለም ስታልፍ ትከሻዬን መታ አድርጋ «ፊትህን እንዳትለውጠው» አለችኝ። ከዚያ ዝናቡ መጣ፤ ከተማው ሁሉ ጃንጥላውን ሊጠይቅ ቤቷ ደጃፍ ተሰለፈ።

እኔና ቶራ አንድ ጣሪያ ሥር ተጠልለን ቀረን። እሱ አልሳቀም ነበር። ሁሉም ሲስቅ የሁሉንም ፊት እያፈራረቀ ሲያይ አይቼዋለሁ፤ ጥርስ ግን አልቆጠረም።

«ፍየሏ ያንን ባርኔጣ በልታ ከጨረሰች በኋላ ተናገረች?» አለኝ።

ሳቅኩ። ለምን እንደሆነ አላውቅም፤ ሆዴን እስኪያመኝ ሳቅኩ።

«ምን አሳቀህ?»

«ቆይ፣ ላስረዳህ» አልኩት። ከመጀመሪያው ጀመርኩ፤ ከበሩ፣ ከባርኔጣው፣ ከአባ ይርዳው ዓይን፣ ከሐኪሙ። ሐኪሙ ላይ ስደርስ ድምፄ ለምን እንደተለወጠ አላውቅም። ከዚያ ወደ ሰነፉ ሰውና ወደ ሹሙ ተሻገርኩ። ዝናቡ እስኪያባራ አስረዳሁት። ቶራ ሰሌኑን ታቅፎ በትዕግሥት አዳመጠኝ።

«ገባህ?» አልኩት።

«ገባኝ» አለ። አልሳቀም። አመስግኖኝ፣ ሰሌኑን ትከሻው ላይ አድርጎ፣ ጭቃውን እየዘለለ ወደ ማዶ መንገድ ጀመረ።

ድልድዩ መሐል ሲደርስ ቆመ። ከተማው ሁሉ ስቆ ጨርሶ ዝም ባለበት በዚያ ሰዓት ብቻውን ሲስቅ ሰማሁት። ከወንዙ ዳር ልብስ ያጥቡ የነበሩ ሴቶች ቀና ብለው አዩት፤ አንዷ «ቀልዱ ደረሰው» አለች፤ ወደ ልብሳቸው ተመለሱ።